የአልታየች አፍ

አልታየችን ደብረ ብርሃን ውስጥ የማያውቃት ሰው ካለ ወይ ትናንት የመጣ ነው፣ ወይ ዘፈን አይገባውም። ጠባሴ ሰፈር ከአስፋልቱ ገባ ብሎ ካለው ቤቷ ስትወጣ ነጠላዋን እስከ አፍንጫዋ ተሸፋፍና ነው። ላያት ሰው ብርዱን የፈራች ትመስላለች፤ የደብረ ብርሃንን ብርድ መፍራት ደግሞ አያስነውርም። እሷ ግን የምትሸፍነው አፏን ነው። ከላይ አራት፣ ከታች ሁለት የፊት ጥርሶቿ የሉም። እንግዳ ሰው ምን ነካሽ ቢላት ወድቄ ነው ትላለች። ውሸቷን ነው። አርባ ዓመት ሙሉ ሰክሮ የሚወረውረውንም ተናዶ የሚማታውንም ችላ መድረክ ላይ የቆመች ሴት እንዲህ በቀላሉ አትወድቅም።

የተወለደችው ከሰላ ድንጋይ የአንድ ሰዓት መንገድ ራቅ ብሎ ነው፤ አባቷ ገብስና ባቄላ የሚያርስ፣ እጁ ከአፉ የሚቀድም ሰው ነበር። የአሥራ ሁለት ዓመት ልጅ ሳለች ጎረቤት ሞተና ለቅሶ ላይ አልቃሿ ሲደክማት ልጅቷ ከተቀመጠችበት ተነስታ ሙሾውን ቀጠለች። ሰው ደረቱን እስኪደቃ አስለቀሰችው። አባቷ ያን ቀን አልተቆጣም፣ እንዲያውም ኮራ። የተቆጣው በሌላ ጊዜ፣ ቅዳሜ ገበያ ላይ፣ ከአንድ አዝማሪ ጎን ቆማ ስትዘፍን ያገኛት ዕለት ነው። ለቅሶ ወግ ነው፣ አዝማሪነት ግን ውርደት፤ የሰውየው ሚዛን ይኸው ነበር።

ከገበያ እስከ ቤት በጅራፍ እየነዳ አመጣት። ከዚያም በሩን ቀረቀረና በርበሬ አጠናት። ፍሙ ላይ በርበሬ በትኖ፣ ጭንቅላቷን በጋቢ ጠቅልሎ፣ ማጅራቷን ይዞ ወደ ጭሱ ደፋት። እናቷ ከውጭ በሩን እየደበደበች ስትጮህ እሱ ከውስጥ ሆኖ ይህን ጉሮሮ አቃጥዬ ነው የምለቀው ይል ነበር። ሳምንት ሙሉ ድምፅ የሚባል አልወጣትም። ሲመለስም ሻክሮ፣ ሰንጠቅ ብሎ ተመለሰ። እንግዲህ በኋላ አገር ያበደለት ያ ሻካራ ድምፅ ከዚያ ጭስ የወጣ ነው። አባት ተብዬው ሊያጠፋው የፈለገውን ነገር በገዛ እጁ ሠራላት፤ ይህን ሳያውቅ ሞተ፣ ባያውቅም ይሻላል።

በአሥራ ሰባት ዓመቷ ሚስቱ ለሞተችበት ጎልማሳ አባቷ ሊድራት ሲሰናዳ በግ ከጫነ መኪና ላይ፣ በበጎቹ መሃል ተኝታ ደብረ ብርሃን ገባች። ዘመኑ የኪነት ነበር፣ ሰባ አምስት ዓመተ ምሕረት። የአውራጃው ኪነት ቡድን ልጃገረዶች ይፈልግ ነበርና የበግ ጠረኗ ሳይለቃት ዝፈኚ አሏት፤ ዘፈነች፣ ዩኒፎርም ሰጧት።

ዘፈኑን ሁሉም ወደደላት። ተዋናይ መሆኗን ግን ራሷም ያወቀችው በዱላ ነው። አዳራሹ ውስጥ ባሏን በመርዝ የምትገድል ሚስት ሆና በምትሠራበት ቴአትር፣ ባልየው ጽዋውን ሊጠጣ ሲል ከመዘዞ በግ ሊሸጥ መጥቶ ቴአትር ሊያይ የገባ አንድ ገበሬ ከወንበሩ ተነሳ። አንተ ሰው አትጠጣ ብሎ ጮኸ። ባልየው ጠጣ፣ ምን ያድርግ፣ ድርሰቱ ነው። ገበሬው መድረኩ ላይ ዘሎ ወጣና ሽመሉን አልታየች ትከሻ ላይ አሳረፈው። አጥንቷ ሲሰበር ከፊት የተቀመጡት ሰምተዋል። እሷ ግን ክንዷ ተንጠልጥሎ የቀረውን ሠርታ ጨረሰች። ሐኪም ቤት ሊጠይቋት የሄዱ ጓደኞቿ ሰውየውን ሲራገሙ ከለከለቻቸው።

«ያመነኝ ሰው ነው የመታኝ፤ አትስደቡብኝ» አለች።

መንግሥት ሲለወጥ ኪነቱ ተበተነ። አዳራሹ መጋረጃው ሳይቀር ተዘረፈ። ለአልታየች የተረፋት የቡድኑ ማሲንቆ መቺ ወልደ ሰንበት ብቻ ነበር፤ ቀጭን፣ ዝምተኛ፣ ሳል የማይለቀው ሰው። አንድ ላይ ኖሩ፣ አንድ ላይም ሠሩ፤ ሳምንቱን መጠጥ ቤት፣ ጥር ሲመጣ ሰርግ። የመጠጥ ቤቱን ነገር ባናነሳው ደግ ነው። ከቅንድቧ በላይ ያለው ጠባሳ የቢራ ጠርሙስ ነው፤ የወረወረው ሰውዬ በማግስቱ አስታራቂ ይዞ መጥቶ እግሯ ላይ ወደቀ፣ በሳምንቱ ደግሞ ሌላ ወረወረ።

የሙያው ሕግ እንዲህ ነው። እንግዳው ተቀበይ ይላል፣ ስንኙን በንግግር ይሰጣል፣ አዝማሪዋ እንዳለ ተቀብላ በዜማ ታወጣዋለች። ውዳሴም ይሁን ስድብ ቃሉ የሰጪው ነው፣ የሷ አፏ ብቻ ነው። አልቀበልም ማለት የለም። ወልደ ሰንበት ይህን ሕግ ስለሚፈራው የራሱን ሕግ ጨምሮበት ነበር። ሰርግ ቤት ሲገባ ማሲንቆውን ከመቃኘቱ በፊት ከወጥ ቤት ሴቶች አንዷን ጠጋ ይልና እዚህ ዳስ ውስጥ ደም አለ ወይ ብሎ ይጠይቃል። ማን የማን ደመኛ እንደሆነ፣ የት የት እንደተቀመጡ። ሴቶቹ ሁሉንም ያውቃሉ፣ ይነግሩታል። ደም ካለ የሙሽራ ዘፈን እንጂ ሽለላ የለም፤ ቢለምኑትም ጅማቱ ተበጠሰ ብሎ ያመካኛል። አልታየች በዚህ ትስቅበት ነበር። አንተ የቀበሌ ሊቀመንበር ነህ እንዴ፣ የሰው ደም ትመዘግባለህ ትለዋለች።

በዘጠና ሰባት ጥር ወልደ ሰንበትን ሳሉ አልጋ ላይ ጣለው። እሷ ሌላ ማሲንቆ መቺ ይዛ ከመዘዞ ወዲያ ላለ ሰርግ ሄደች። መንገድ ላይ የመኪናው ጎማ ፈንድቶ ዘገየች። ዳሱ ስትደርስ እንግዳው በልቶ ጠጥቶ ዘፋኟ የት ናት እያለ ያጉረመርም ነበር። ከመኪናው ወርዳ በቀጥታ መሃል ገባች። ወደ ወጥ ቤት አልሄደችም፣ አልጠየቀችም። የዕድሜዋ ስህተት ይህች ናት።

ዳሱ ውስጥ ደም ነበር። ገብረአብ የሚባል ገበሬ ከአሥራ ሁለት ዓመት በፊት በድንበር ተጣልቶ ጎረቤቱን ገድሏል፤ ታስሮ፣ ፍርዱን ጨርሶ ተመልሷል። የሟቹ ልጅ ወገኔ ያኔ የሰባት ዓመት ሕፃን ነበር፣ አሁን አሥራ ዘጠኝ ሞልቶታል። ሽማግሌ ገብቶ እርቁ ተጀምሮ ነበርና ሁለቱም ተጠርተው፣ ሁለቱም መጥተው፣ ጥሬ ሥጋ ከተዘረጋበት ሰሌዳ ወዲህና ወዲያ ተቀምጠዋል። የወገኔ አጎት እሸቴም አለ። እሸቴ የወንድሙን ደም ራሱ ለመመለስ ወኔ ያጣ፣ ልጁን ግን ወንድ አይደለህም እያለ ያሳደገ ሰው ነው። እንዲህ ዓይነቱ በየአገሩ አይጠፋም፤ እሳቱን በሌላ ሰው እጅ የሚጭር።

ሽለላው ሲሞቅ እሸቴ ከተቀመጠበት ብድግ ብሎ ተቀበይ አላትና ሰጣት፦

«ያባቱን ገዳይ ሰው ካጠገብ አስቀምጦ፣
ጮማ ይቆርጣል ወይ ወንድ ልጅ አጊጦ።»

ተቀበለች። የተለመደ የፉከራ ግጥም መሰላት፤ እንዲህ ያለ ስንኝ በየሰርጉ ይባላል። በዚያ ላይ ተዋናይ ናት፣ ባዶ ቃል አታወጣም። እሸቴ በዓይኑ ወደ ጠቆማት ወጣት ሄዳ ፊቱ ተንበረከከች፣ የጋቢውን ጫፍ ይዛ ነቀነቀችው፣ ዓይኑን እያየች ሦስት ጊዜ ደገመችው። በዚያ በተሰነጠቀ ድምፅ። ሦስተኛው ላይ የልጁ ከንፈር ሲንቀጠቀጥ አየችና ያዝኩት ብላ በልቧ ተደሰተች። ይህን ደስታ ነው በኋላ ለራሷ ይቅር ማለት ያቃታት።

ወገኔ ከሥጋው ሰሌዳ ላይ ቢላዋውን አነሳ። የሚቆርጥ መስሏቸው ቦታ የለቀቁለት ሰዎች ነበሩ። ሰሌዳውን ተሻገረና ገብረአብን ከጆሮው ሥር ወጋው፣ መልሶም ወጋው። ሰውየው የጎረሰውን አልዋጠም ነበር። ደሙ መሶቡን፣ ማሲንቆውን፣ የአልታየችን ነጭ ቀሚስ ነከረው። ወንዶቹ እርስ በርስ ሲያያዙ፣ ዱላ ሲወርድ፣ ዳሱ በአንድ ወገን ሲናድ፣ ውጭ ያሉት ሴቶች ጭፈራው የደመቀ መስሏቸው እልል ይሉ ነበር። እልልታው በምን ያህል ጊዜ እንደቆመ የሚያስታውስ የለም። አልታየች ግን እስከ ዛሬ እልልታ በሰማች ቁጥር ሰውነቷን ይሰቀጥጣታል።

ወገኔ ሃያ ዓመት ተፈረደበት። ፍርድ ቤት ስንኙን ማን ሰጠሽ ተብላ እሸቴን በጣቷ አሳየች። እሱም ዘፈን ነው፣ በዘፈን ሰው ይከሰሳል ወይ ብሎ ከንፈሩን መጠጠ። እውነቱን ነው፣ አይከሰስም። እሱም አልተከሰሰ፣ እሷም አልተከሰሰች፤ ልጁ ብቻ ገባ።

ገብረአብ በተገደለ በሦስተኛው ቀን ጥቁር ለብሳ ቤቱ ለቅሶ ሄዳ ነበር። ልታለቅስለት ነው፤ ሌላ የምትሰጠው ምን አላት። የሟቹ ሚስት ሰብለ ከሩቅ አወቀቻት። ድምፅዋን ከፍ ሳታደርግ፣ አፍሽን አፈር ይሙላው፣ በባሌ ላይ የተከፈተ አፍ ባሌን አያለቅስም አለች። ያን ጊዜ ሴቶቹ ድንጋይ አነሱ። እስከ ወንዙ ድረስ እየወገሯት ወረደች። የአምስት ዓመቱ የገብረአብ ልጅ ኃይለ ገብርኤልም የእናቱን ቀሚስ ለቆ አንዲት ጠጠር ወረወረ፤ እግሯን መታት። ከሁሉም ድንጋይ የምታስታውሰው ያችን ነው።

ወልደ ሰንበት የሆነውን ሲሰማ አልወቀሳትም። ደም አለ ወይ ብለሽ አልጠየቅሽም እንዴ ብሎ አንዴ ጠየቀ፣ ከዚያ ወደ ግድግዳው ዞረ። በዚያው ክረምት ሞተ።

ከዚያ ወዲህ ሽለላ ከአፏ አልወጣም። ሃያ ዓመት ሙሉ ከተማው በኋላ ባቋቋመው ቡድን ቴአትር ሠራች፣ የሙሽራ ዘፈን ዘፈነች፣ ለቅሶ ላይ አለቀሰች። አንድ አዘጋጅ ለታሪካዊ ቴአትር ሽለላ የምታወጣ እናት ሁኚ ሲላት ድርሰቱን መልሳለት ወጣች። የትም ሰርግ ስትሄድ መጀመሪያ የምትገባው ወጥ ቤት ነው። ደም አለ ወይ። ወጣት ዘፋኞች ይስቁባታል፤ አሮጊቷ መርማሪ ይሏታል። የገብረአብን ለቅሶ ግን እንድታለቅስ ማንም አልፈቀደላትም። ለሌላው ሁሉ ስታለቅስ ያ አንዱ ጉሮሮዋ ውስጥ ቆሞ ቀረ።

ወገኔ ሁለት ሺህ አሥራ ስድስት ላይ በአመክሮ ተፈታ። ፀጉሩ ሸብቶ፣ ጀርባው ጎብጦ፣ ከወንዙ ማዶ እናቱ ቤት ገብቶ ተቀመጠ። ሽማግሌዎቹ ደሙ እዚህ ይብቃ፣ እናስታርቅ አሉ። የገብረአብ ወንድሞች አሻፈረን አሉ። ኃይለ ገብርኤል ሃያ አምስት ሞላው፣ ክላሽም ገዝተው አስታጠቁት። ጊዜው እንደምታውቁት ነው፣ በየቤቱ ከማረሻ በላይ መሣሪያ የበዛበት። አጎቶቹ በየማዕዱ ላይ ያው ያንኑ ያነሳሉ፤ አባትህ መሬት ውስጥ፣ ገዳዩ ፀሐይ ላይ።

ታኅሣሥ ላይ፣ ከቀኑ ስድስት ሰዓት፣ ኃይለ ገብርኤል ጠባሴ መጣ። ረጅም ነው፣ ጋቢው ሥር ክላሹ ጎበጥ ብሎ ይታያል። አልታየች ከጎረቤቷ ከፈሂማ ጋር በር ላይ ተቀምጣ ፀሐይ ትሞቅ ነበር። ፈሂማ የአልዩ አምባ ሴት ናት፣ ከቆላው ጥጥና በርበሬ እያመጣች ትነግዳለች። ልጁ ሳይቀመጥ ተናገረ። በእናቱ ዕድሜ ያለችን ሴት አንቺ ብሎ።

«የገብረአብ ልጅ ነኝ። ጥር አሥራ አራት እህቴን እንድራለን። አንቺ ነሽ የምትዘፍኚው።»

አልታየች ተነሳች። እንዲያው ካስፈለገ የአባትህን ለቅሶ ላልቅስለት፣ ሃያ ዓመት ይዤዋለሁ ስትል ለመነችው።

«ለቅሶ አይደለም የፈለግሁት። ለአባቴ ገዳይ የሸለልሽለትን ለእኔም ትሸልያለሽ። በዚያው አፍ።»

ብሎ ሄደ። ሲናገር ዓይኑ እሷ ላይ አልነበረም፣ የበሩ ጉበን ላይ ነበር። አርባ ዓመት የሰው ፊት ስታነብ የኖረች ሴት ናትና ይህ ልጅ መግደል አይፈልግም ብላ አወቀች። የሚገፋው ሰው ነው የሚፈልገው። በሰው ፊት የአባቱ ደም በዜማ ከተነሳበት መቀመጥ አይችልም፣ ይሄዳል፣ ይገድላል፣ ከአጎቶቹም አፍ ያርፋል። ልክ እንደ ወገኔ።

ፈሂማ ተቆጣች። ወላሂ ብትሄጂ ከእኔ ጋር አንተያይም አለች። አልታየች ግን፣ እኔ ብቀር ሌላ ይጠራሉ፣ የዛሬ ልጆች ደግሞ አይጠይቁም፣ ተቀበይ ያሏቸውን ይቀበላሉ አለቻት። ፈሂማ ተነስታ ወደ ቤቷ ገባች፤ በጥር አሥራ አራት ጠዋት ግን አንገቷ ላይ የምትጠመጥመውን ሻርፕ ይዛላት መጣች።

ዳሱ የተጣለው ያኔ ሴቶቹ እየወገሩ ያወረዷት መንገድ ራስ ላይ ነው። አልታየች እንደ ልማዷ መጀመሪያ ወጥ ቤት ገባች። መጠየቅ አላስፈለጋትም። ሰብለ ድስት አጠገብ ተቀምጣ ነበር፤ አረጀች፣ ዓይኗ ግን ያው ነው። ሁለቱ ሴቶች ተያዩ። ሰብለ ጎንበስ ብላ እሳቱን ቆሰቆሰችና፣ ልጄን እንደዚያኛው ልጅ ታደርጊዋለሽ ወይ ብላ ጠየቀቻት። በጣም ዝቅ ባለ ድምፅ ነው የጠየቀችው። አልታየች ነጠላዋን አስተካክላ ወደ ዳሱ ወጣች።

የሙሽራውን ዘፈን ዘፈነች፣ ሚዜዎቹን አሞገሰች፣ ሰው ጨፈረ። ከዳሱ በር ወንዙ ቁልቁል ይታያል፣ ከወንዙ ማዶ የወገኔ እናት ቤት፣ ከጣሪያው ላይ ጭስ። ከሽማግሌዎቹ መሃል እሸቴ ተቀምጧል። አዎን፣ እሸቴ። ሰማንያ ሊሞላው ነው፣ ከዘራ ይዟል፣ ለእርቁ ከወገኔ ወገን ተወክሎ የመጣ አስታራቂ እሱ ነው። አንዳንድ ሰው እግዜር የሚያቆየው ለምን እንደሆነ ለሱው ይተው።

ከምሳ በኋላ ከኃይለ ገብርኤል አጎቶች አንዱ ሽለላ አለ። ሌሎቹም ሽለላ ሽለላ አሉ። አልታየች ካቆምኩ ሃያ ዓመቴ ነው አለች። ያን ጊዜ ኃይለ ገብርኤል ተነሳ። ክላሹን ከትከሻው አውርዶ በእጁ ይዞታል። ማሲንቆ መቺው ደጋኑን አንስቶ ቀረ።

«ተቀበይ» አላት።

«ከወንዙ ማዶ ላይ ጭሱ ይታየኛል፣
ያባቴ ገዳይም ምሳውን ይበላል።»

ግጥሙ ግጥም ነው፣ ጥሩ አድርጎ ገጥሞታል፤ ሌሊቱን ሁሉ ሲያወጣ ሲያወርድ ያደረ ነው። ሁለት መቶ ሰው አፏን ጠበቀ። ተቀብላ ብታወጣው፣ ዜማው አልቆ ሰው ከማጨብጨቡ በፊት ልጁ ወንዙን እንደሚሻገር ሁሉም ያውቃል። ከዚያ ማዶም ከወገኔ ወገን ልጅ አይጠፋም፣ ያንንም ልጅ የሚገፋ አጎት አለው። አልታየች ወደ ወጥ ቤቱ በር አየች። ሰብለ በሩ ላይ ቆማለች፣ እጇን አፏ ላይ አድርጋለች።

«አልቀበልም» አለች አልታየች።

እንዲህ ብላ አታውቅም። ማንም አዝማሪ እንዲህ ሲል የሰማ ሰው ዳሱ ውስጥ አልነበረም። አንደኛው አጎት ይህቺ ሴት ናቀችህ አለና ከተቀመጠበት ወገቡን ቀና አደረገ። ኃይለ ገብርኤል ጠጋ አለ። ስንኙን ደገመላት።

«አልቀበልም ልጄ። አንድ ጊዜ ተቀብዬ አባትህን ገደልኩት። አንተን ደግሜ አልገድልህም። ደምህ ያለው ማዶ አይደለም፣ እዚህ ነው» ብላ በጣቷ አፏን አሳየችው።

በክላሹ ሰደፍ አፏን መታት። አንዴ ነው የመታት፣ ግን በሙሉ ጉልበቱ፣ ሃያ ዓመት ያጠራቀመው ሁሉ ክንዱ ላይ ወጥቶ። ጥርስ ሲሰበር ድምፁ ከአጥንት ይለያል። በጀርባዋ ወደቀች፣ ጭንቅላቷ የዳሱን ምሰሶ መታ፣ ደሙ በአገጯ ወርዶ ነጩን ቀሚስ ሞላው። ሴቶች ጮኹ። በዚህ ጊዜ ግን እልል ያለ አልነበረም። ልጁ ጠመንጃውን መልሶ አነሳ፣ ሁለተኛውን ሊያሳርፍ ነው ብለው ሽማግሌዎቹ ተነሱ። እሱ ግን እጁ በአየር ላይ ቆሞ ቀረ። ሰደፉ ላይ የተጣበቀችውን ጥርስ አየ። ከዚያ ሰው ሁሉ እንዲሰማው አድርጎ ጮኸ።

«ደሜን ካፍሽ ወስጃለሁ።»

ክላሹን ጣለው፣ መሬት ተቀመጠ፣ ጋቢውን ተከናንቦ እንደ ሕፃን አለቀሰ። አጎቶቹ ምን ማለትህ ነው፣ የአባትህ ደም በአዝማሪ ጥርስ ይለወጣል ወይ ብለው ተንጨረጨሩ። ሽማግሌዎቹ ግን ቃሉን አፈፍ አደረጉት። በዳስ ውስጥ፣ በሕዝብ ፊት፣ ባለደሙ በገዛ አፉ ደሜን ወስጃለሁ ብሏል። ደም ፈሷል፣ ቃል ወጥቷል፣ ከእንግዲህ ወንዙን የሚሻገር ያለ ደም የሚገድል ነው አሉ። በዚያ አገር እንዲህ ያለ ቃል አይመለስም። አጎቶቹም ይህን ያውቃሉ።

አልታየችን ዳሱ ውስጥ ያነሳቻት ሰብለ ናት። አፏን በገዛ ነጠላዋ አፍና፣ ጭንቅላቷን ጭኗ ላይ አድርጋ፣ መኪና እስኪገኝ ይዛት ቆየች። ደብረ ብርሃን ሐኪም ቤት ከንፈሯን በስድስት ቦታ ሰፉት። ፈሂማ ሁለት ወር ሙሉ አጥሚት በጡጦ እያጠጣች፣ ነግሬሽ አልነበረም እያለች እየተሳደበች አስታመመቻት። የቴአትር ጓደኞቿ ጥርስ እናሠራልሽ ሲሏት በእጇ ቆዩ አለቻቸው።

እርቁ የተፈጸመው ከፋሲካ በኋላ፣ ሚያዝያ ላይ፣ ወንዙ ዳር ነው። ካህኑ መስቀል ይዘው መሃል ቆሙ፣ የገብረአብ ወገን ወዲህ፣ የወገኔ ወገን ወዲያ። ወገኔ በባዶ እግሩ፣ አንገቱ ላይ ድንጋይ ተሸክሞ፣ ጎንበስ ብሎ ውሃውን ተሻገረ። ሠላሳ ዘጠኝ ዓመቱ ነው፣ የስልሳ ይመስላል። ኃይለ ገብርኤል እግር ላይ ወደቀ። ካህኑ የልጁን ስም ሁለት ጊዜ ጠሩ። ከዚያ ጎንበስ ብሎ ድንጋዩን ከአንገቱ አነሳለትና ወንዙ ውስጥ ጣለው።

ሰው ሊበተን ሲል አልታየች ከሴቶቹ መሃል ተነሳች። ወደ ሰብለ ሄደች። የተሰፋው ከንፈሯ ገና ስትናገር ያማት ነበርና በእጇ ደረቷን ሁለቴ መታ አድርጋ አሳየቻት። ለቅሶውን ነው የጠየቀችው። ሰብለ አየቻት፣ አየቻትና፣ ራሷን ነቀነቀች። ይሁን ነው።

አልታየች መሃል ቆመች። ነጠላዋን ከአፏ ላይ አወረደችው፣ ሰው ሁሉ አየው። ዜማ አልነበራትም። በንግግር ነው የሰጠችው፣ በዕድሜዋ ለመጀመሪያ ጊዜ እሷ ሰጪ ሆና።

«ቢላዋው የሰርጉ፣ እጁ የወገኔ፣
ገብረአብ በሰርግ ቤት ያረድኩህ ግን እኔ።»

ትንፋሿ በድዷ መሃል ያፏጫል። ከፊት ካሉት በቀር የሰማ የለም፣ የሰሙትም ለመቀበል ደፈር አላሉም። እሸቴ ከዘራውን አፈር ውስጥ እየወጋ አንገቱን ደፋ። ደገመችው። ሦስተኛ ልትል አፏን ስትከፍት ኃይለ ገብርኤል ከተቀመጠበት ተነሳ።

«ተቀብያለሁ» አለ።

ድምፁ ለዜማ የሚሆን አልነበረም፣ ዘፍኖም አያውቅም። ቢላዋው የሰርጉ ብሎ ጀመረ፣ ተሰባበረበት፣ እንደገና ጀመረ። ሁለተኛው ስንኝ ላይ የእናቱ ድምፅ ገባ። ከዚያ ሴቶቹ፣ ከዚያ ወንዙ ማዶ ያሉት። ሰው ደረቱን መታ። ገብረአብ በሞተ በሃያ ዓመት ከሦስት ወሩ፣ ያን ቀን ተለቀሰለት።